አልችልም ያልሁት አማርኛ

እስራኤል ውስጥ፣ በቂርያት ጋት የኢንዱስትሪ ቀጠና ባለ አንድ ፋብሪካ ለብዙ ዓመታት የፈረቃ ኃላፊ ሆኜ ሠርቻለሁ። ከእነዚያ ዓመታት የሚበዙትን አማርኛ እንደማይችል ሰው ሆኜ ኖርሁ። ቋንቋው ጠፍቶብኝ አይደለም። ጎንደር ተወልጄ አፌን የፈታሁት በአማርኛ ነው፤ እናቴን እስከ ሞተችበት ቀን ድረስ በሌላ ቋንቋ አናግሬያት አላውቅም። አልችልም ያልሁት ስላፈርሁ፣ ስለፈራሁና ማደግ ስለፈለግሁ ነው። በዚህ ውሸት ምክንያት አንዲት እናት የላቧን ዋጋ አጣች። የምናዘዘው ይህን ነው።

በአያቶቻችን ዘመን የቤተ እስራኤል (የኢትዮጵያ አይሁድ) ሰው ሲበድል ወደ ቄሱ ሄዶ ይናዘዝ ነበር። ቄሱ ይሰማል፣ ይቆጣል፣ ጾም አዝዞ ይሸኛል። የሲግድ በዓል ሲደርስ ደግሞ ሕዝቡ ድንጋይ ተሸክሞ ተራራ ይወጣል፤ ቄሶቹ ከመጽሐፈ ነህምያ ሕዝቡ የራሱንና የአባቶቹን ኃጢአት የተናዘዘበትን ያነባሉ። እዚህ አገር ሲግድ ከ2008 (ቀኑንም ዓመቱንም የምጽፈው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው) ጀምሮ በሕግ የታወቀ ብሔራዊ በዓል ሆኗል፤ በየዓመቱ ኢየሩሳሌም አርሞን ሃናጺቭ ላይ ሕዝብ ይሰበሰባል፣ ሚኒስትሮችም መጥተው ይናገራሉ። እኔም ከሰው ጋር ሄጃለሁ፤ የሕዝቡን ኃጢአት ከሕዝቡ ጋር ተናዝዣለሁ። የራሴን ግን ይዤው ወጥቼ ይዤው ተመለስሁ። የአይሁድ ሕግ መጽሐፍ ሚሽና እንደሚለው ሰው በሰው ላይ የሠራውን በደል የማስተሰረያው ቀን ዮም ኪፑር አያስተሰርየውም፤ መጀመሪያ የተበደለው ሰው መታረቅ አለበት። ይህን በልጅነቴ አዳሪ ትምህርት ቤት ሳለሁ በቃሌ አጥንቼ ፈተናው ላይ ሙሉ ነጥብ አግኝቼበታለሁ።

ከተማዋን ለማያውቅ አንባቢ ጥቂት ልበል። ቂርያት ጋት ከቴል አቪቭ በስተ ደቡብ፣ ወደ ቤር ሸቫ በሚወስደው መንገድ ላይ ናት። የተቆረቆረችው በ1955 ነው፤ የላኪሽ አካባቢ ሰፈሮች ማዕከል እንድትሆን ተብሎ። ከዚያ በፊት በቦታው ዒራቅ አል መንሺያ የሚባል የአረብ መንደር ነበር፤ ነዋሪዎቹ በ1949 ወጡ። አሁን ያለው ስሟ የተወሰደው ከጎልያድ አገር ከጌት ነው። አጠገቧ ያለው ቴል ዔራኒ የተባለው ጉብታ የጥንቷ ጌት ነው ተብሎ ይታመን ነበርና። በኋላ ቁፋሮው ይህን አላረጋገጠም። ዛሬ ሊቃውንቱ ጌት ነች የሚሏት ከዚህ በስተ ሰሜን ያለችውን ቴል ጻፊትን ነው። ከተማዋ ግን በተሳሳተው ስም መጠራቷን ቀጠለች። ይህን ያወቅሁ ቀን መታወቂያዬ ላይ ያለውን፣ አባቴ ያላወጣልኝን ስም አስታውሼ ሳቅሁ።

ድሮ የቀጠናው ጌታ ጨርቅ ነበር። በስድሳዎቹ መጀመሪያ የተቋቋመው የጨርቅ ፋብሪካ ፖልጋት ብዙ ቤተሰብ አብልቶ በመጨረሻ ተዘጋ። ዓለም አሁን ከተማዋን የሚያውቃት በኢንቴል ነው፤ የመጀመሪያው የቺፕ ፋብሪካው በ1999፣ ሁለተኛው በ2008 ሥራ ጀመረ። በዙሪያቸው ስማቸው የማይሰማ ብዙ ፋብሪካዎችና መጋዘኖች አሉ፤ የእኔው ከእነሱ አንዱ ነበር። የእኛ ሰው በብዛት ወደ ከተማዋ የገባው ደግሞ በዘጠናዎቹ ውስጥ፣ ከካራቫን ሰፈሮች እንዲወጣ መንግሥት የቤት መግዣ ብድር ሲሰጠው ነው። ቤቱ በርካሽ የሚገኘው እንደ ቂርያት ጋት ባሉ ከተሞች ነበር፤ ሥራው ደግሞ ቀጠናው ውስጥ። ወጣቱ ማሽን ላይ፣ ሴቶቹ ማሸጊያ ላይ፣ ዕድሜ የገፋቸው ጽዳት ላይ።

እኔ የመጣሁት በዘመቻ ሰሎሞን፣ በግንቦት 1991 ነው። መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ከአገር ከወጡ ሦስት ቀን ሆኗቸዋል፤ ኢሕአዴግ አዲስ አበባ ሊገባ ጥቂት ቀን ቀርቶታል። በዚያ መሐል ከ14 ሺህ በላይ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ውስጥ በአውሮፕላን ተጓዘ፤ ወንበሩ በተነቀለ በአንድ ጃምቦ ብቻ ከ1 ሺህ በላይ ሰው ተሳፈረ። እኛ ከጎንደር ገጠር ተነሥተን አዲስ አበባ በኪራይ ቤት ወራት ጠብቀን ነበር። የእስራኤል ኤምባሲ ግቢ ስንገባ ቤተሰብ እንዳይለያይ ግንባራችን ላይ ቁጥር ለጠፉልን። ዕቃ አይያዝም ተባለ። ልጅ ነበርሁና በቁጥሩ ኮራሁ፤ እንዳይወድቅ ሌሊቱን በመዳፌ ይዤው አደርሁ።

ከደረስን በኋላ መዝጋቢው ስሜን፣ የአባቴን ስምና የአያቴን ስም ጠየቀ። የአያቴ ስም የቤተሰብ ስም ሆነ። የተወለድሁበትን ቀን እናቴ «በአጨዳ ጊዜ ነው» ስላለች የፈረንጆች ዓመት መጀመሪያ ቀን ተጻፈልኝ። አዳሪ ትምህርት ቤት ስገባ ደግሞ መምህሩ ስሜን ደጋግሞ ሞከረው፤ አልሆነለትም። በሳምንቱ መጨረሻ «ይኼ ይቀልሃል» ብሎ የዕብራይስጥ ስም ሰጠኝ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ሸክም ያቀለለልኝ መስሎት ነው። አባቴ ግን ያንን ስም ያወጣልኝ በምክንያት ነበር። ከእኔ በፊት ሁለት ልጆች ሞተውበታል፤ ስሜ የእነሱ ምትክ መሆኔን የሚናገር ነበር። ስሙ ሲቀር የሁለቱ ወንድሞቼ ነገርም አብሮ ቀረ። አሁን ልጆቼ አጎቶች እንደነበሯቸው አያውቁም፤ የሚጠይቁበት ነገር የለማ።

ከወታደርነት በኋላ እዚህም እዚያም ሠርቼ ፋብሪካው ገባሁ። በመጀመሪያው ሰሞን፣ የሥራ ልብስ ገና ሳይሰጠኝ፣ በመተላለፊያው ስሄድ አንድ ሠራተኛ ቀና ብሎ ሳያየኝ የሞላ የቆሻሻ ከረጢት አቀበለኝ። ተቀብዬ ወስጄ ጣልሁት። በዚያ ፎቅ ላይ ጥቁር ሰው ሁሉ የጽዳት ሠራተኛ ስለነበር እጁ በልማድ ነው የሠራው። በኋላ ማን እንደሆንሁ ሲነግሩት ፊቱ ቀልቶ ይቅርታ ጠየቀኝ፤ ጥሩ ባልደረባም ሆንን። እኔ ግን ውሳኔዬን ወስኛለሁ። ከጽዳቶቹ ጋር የሚያገናኘኝ ነገር ሁሉ ይቅር አልሁ። ቆዳዬን ልለውጥ አልችልም፤ ምላሴን ግን መሰብሰብ እችላለሁ። ባልደረቦቼ «ኢትዮጵያ ነው የተወለድኸው?» ሲሉኝ «ሕፃን ሆኜ ነው የመጣሁት፣ ምንም አላስታውስም» አልሁ። «አማርኛስ?» አሉኝ። «አልችልም» አልሁ። ሰከንድ አልፈጀም።

መናገሩ ቀላል ነበር፤ አድካሚው ውሸቱን መጠበቁ ነው። እናቴ ስትደውል ስልኩን ይዤ ወደ ፓሌቶቹ ጀርባ እሮጣለሁ። እሷ ከብቶቹን ስትጠራ የኖረች ሴት ናትና በስልክም የምታወራው እየጮኸች ነው። እኔ በሹክሹክታ «እሺ እማዬ፣ እሺ» እላለሁ። «ታመሃል እንዴ? ድምፅህ ምን ሆነ?» ትለኛለች። ምግብ ቤቱ ውስጥ ጠረጴዛዎቹ በቋንቋ የተከፈሉ ነበሩ፤ ያዘዘ የለም፣ በራሱ የሆነ ነው። ራሽያኛው በመስኮቱ በኩል፣ አረብኛው በበሩ በኩል፣ አማርኛው ጥግ ላይ። ከጥጉ የፍርፍር ሽታ ሲመጣ ምራቄን ውጬ ከኃላፊዎቹ ጋር እቀመጣለሁ። እነሱ የልጅነታቸውን የቴሌቪዥን ዘፈን፣ የአያቶቻቸውን የበዓል ምግብ፣ አባቶቻቸው የተዋጉበትን ጦር ክፍል ያወራሉ። እኔ ትንሽ ዘግይቼ እስቃለሁ። የማወራው የልጅነት ወግ አልነበረኝም፤ «አላስታውስም» ብዬ ሰርዤዋለሁ። ስለ ራሱ አንድም ታሪክ መናገር የማይችል ሰው ምሳ ላይ ስለ እግር ኳስና ስለ ዋጋ መወደድ ብቻ ነው የሚያወራው። በሁለቱም ላይ አዋቂ ሆንሁ።

መጀመሪያ ላይ ያነሣኋት እናት በካብላን በኩል የምትሠራ የጽዳት ሠራተኛ ነበረች። ስሟን አልጽፍም፤ እሷም አልፈቀደችም። ካብላን የምንለው ሠራተኛ የሚያቀርበውን ድርጅት ነው፤ እኛ ዘንድ የካብላን ሰው የመግቢያ ካርዱ ቀለም ይለያል፣ የበዓል ስጦታ ሲታደል አይጠራም። ሻሽ ታስራለች፤ አንገቷ ላይ ንቅሳት አለ። ገና በመጀመሪያው ቀን «እንደምን አደርህ ልጄ» አለችኝ። በዕብራይስጥ «ቦከር ቶቭ» ብዬ አለፍሁ። በማግስቱም «እንደምን አደርህ ልጄ»፤ እኔም «ቦከር ቶቭ»። አንድ ሌሊት ማሽኑ ተበላሽቶ ጠጋኝ ስጠብቅ መወልወያዋን ተደግፋ ትክ ብላ አየችኝ።

«ፊትህ የደምቢያ ሰው ፊት ነው» አለች። «የማን ልጅ ነህ?»

ይህ በእኛ ዘንድ የወሬ መክፈቻ አይደለም። ዘመድ ከዘመድ እንዳይጋባ እስከ ሰባት ቤት የምንቆጥር ሰዎች ነን። የአባቴን ስም ብነግራት የአያቴን ትጠይቃለች፤ ከዚያ የቅድመ አያቴን፤ ከዚያ መንደሩን፤ አራት አምስት ስም ሳንሄድ በዚህ ዓለም ላይ የት እንደምቆም ትነግረኝ ነበር። በዕብራይስጥ ማንም ይህን ጠይቆኝ አያውቅም። ልመልስላት ከልቤ ፈለግሁ። ፎቁ ላይ ከሁለታችን በቀር ሰው አልነበረም። ያም ሆኖ በዕብራይስጥ «አልገባኝም» አልሁ።

«እሺ» ብላ ወደ ወለሏ ተመለሰች።

ከዚያ ወዲህ ሰው ፊት ሰላምታዋ በራስ ንቅናቄ ብቻ ሆነ። ብቻችንን ስንሆን ግን በአማርኛ ማውራቷን አልተወችም፤ መልስ ሳትጠብቅ። ስለ ጉልበቷ ሕመም፣ ስለ ልጇ፣ ሱዳን በረሃ ላይ ስለቀበረችው ታናሽ ወንድሟ። እሷ የመጣችው ከእኛ ቀድሞ በሱዳን በኩል ነው፤ በዚያ መንገድና በካምፖቹ 4 ሺህ ያህል ሰው እንደሞተ ይነገራል፤ የእሷ ወንድም ከእነሱ አንዱ ነው። እኔ የማሽኑን ቁጥሮች እያየሁ እሰማለሁ። ያኔ ሴትዮዋ ለራሷ የምታወራ መስሎኝ ነበር፤ ወይም እንዲመስለኝ ፈቅጄ ነበር። አሁን ግን እንደ እኔው ብቸኛ እንደነበረች አውቃለሁ። ሌሊቱን ሙሉ ባዶ ፎቅ የምትወለውል ሴት የሚሰማት አንድ ሰው ብቻ አግኝታ ነበር፤ እሱም መልስ ከለከላት።

በጥር 2012 ቅርባችን ባለችው ቂርያት ማላኪ የአንዳንድ ሕንፃዎች ነዋሪዎች ለኢትዮጵያዊ ቤት ላለመሸጥና ላለማከራየት መስማማታቸው በቴሌቪዥን ተሰማና ሰልፍ ተነሣ። ምሳ ላይ አንዱ «አንተ ምን ትላለህ?» አለኝ። «ትንሽ ያጋንናሉ» አልሁ። በ2015 ሆሎን ላይ ፖሊሶች ደማስ ፓካዳ የተባለውን ወታደር ልጃችንን ሲደበድቡ በቪዲዮ ታየ፤ ወጣቱ ቴል አቪቭ ራቢን አደባባይ ድረስ ወጣ። ያኔም «መንገድ መዝጋት ጥሩ አይደለም» አልሁ። የሚገርመው፣ በጥር 1996፣ እኛ ኢትዮጵያውያን የለገስነው ደም ለብዙ ዓመታት በድብቅ ሲጣል እንደኖረ ጋዜጣ ሲያወጣና ሕዝባችን ኢየሩሳሌም ላይ ሲጮኽ፣ ከጮኹት አንዱ እኔ ነበርሁ። ጉሮሮዬ እስኪዘጋ በሁለቱም ቋንቋ ጮኼአለሁ። ያ ልጅ የት እንደሄደ ያኔ ራሴን አልጠየቅሁም።

ከ2015 በኋላ ነው፤ የጽዳት ጨረታው ለሌላ ካብላን ተላለፈ። የቀድሞው ካብላን ሰዎች ሠራተኞቻቸውን አንድ በአንድ መጥራት ጀመሩ። የአገሩ ሕግ አሠሪ ሠራተኛውን ከማሰናበቱ በፊት ጠርቶ ቃሉን እንዲሰማ ያስገድዳል፤ ሺሙዓ ይባላል። የተሰናበተ ሠራተኛ ለሠራበት ለያንዳንዱ ዓመት የአንድ ወር ደመወዝ ያህል ፒጹዪም (የስንብት ካሳ) ይገባዋል። በገዛ ፈቃዱ የለቀቀ ግን አብዛኛውን ጊዜ ይህን አያገኝም። ስለዚህ «ተሰናበትሁ» እና «ለቀቅሁ» የሚሉት ሁለት ወረቀቶች ለብዙ ዓመት ለሠራች ሴት የብዙ ወር ደመወዝ ልዩነት አላቸው።

የተጠሩት በእኛ ፎቅ ባለች ትንሽ ክፍል ነበር። በሩ ክፍት ነው። የፈረቃ ሪፖርት ላስፈርም ገባሁ። እሷ መደረቢያዋን እንደለበሰች ወንበር ጫፍ ላይ ተቀምጣለች፤ የካብላኑ ሠራተኛ ላፕቶፕ ከፍታለች፤ የፎቁ ሥራ አስኪያጅ ግድግዳ ተደግፎ ስልኩን ያያል። ወረቀቱ ፊቷ ተዘርግቷል። ልጅቷ ስታየኝ ደስ አላት፤ «ጥሩ ጊዜ መጣህ፣ እዚህ ጋ እንድትፈርም ንገራት» አለችኝ። ሥራ አስኪያጁ ዓይኑን ከስልኩ ሳያነሣ «እሱ? አማርኛ አይችልም፤ ከእኛ የባሰ ሳብራ ነው» አለ፤ እዚሁ የተወለደ ማለቱ ነው። ተሳሳቁ። እኔም አብሬ ሳቅሁ።

ወረቀቱን አየሁት። በገዛ ፈቃዴ ሥራዬን ለቅቄያለሁ ይላል።

እሷ ቀና አለች። «ልጄ፣ ይኼ ወረቀት ምን ይላል?»

ልጅቷን እያየሁ በዕብራይስጥ «ይቅርታ፣ አማርኛ አልችልም» አልሁና ሪፖርቴን ሰብስቤ ወጣሁ። እሷ ኡልፓን በሚባለው የዕብራይስጥ ትምህርት ቤት የተማረችው ስሟን መጻፍ ነበርና ስሟን ጻፈች።

ሰበብ ፈልጌ አላውቅም አልልም፤ ለዓመታት ፈልጌአለሁ። የካብላኑ ጥፋት ነው፤ እውነት ነው። እኔ አስተርጓሚ ሆኜ አልተቀጠርሁም፤ ይኼም እውነት ነው። ግን ወረቀቱን ሁሉ መተርጎም አያስፈልግም ነበር። «አትፈርሚ» የምትል አንዲት ቃል ነበረች የምትፈለገው። ብናገራት ከሥራ አልባረርም፤ ደመወዜ አይነካም። ቢበዛ ሥራ አስኪያጁ ይስቅብኝ ነበር። ያችን ሳቅ ነው ከሴትዮዋ የዓመታት ድካም ያስበለጥሁት።

በምትኳ አዲሱ ካብላን ሌላ ሴት አመጣ፤ ሌሊት በጆሮዋ ሙዚቃ እየሰማች የምትሠራ። ፎቁ ላይ አማርኛ ጠፋ። አልችልም ያልሁት ቋንቋ ሲቀር ደስ ይለኛል ብዬ ነበር። ሳይሆን ቀረ፤ በፈረቃ መሐል ቆሜ የሴትዮዋን የጉልበት ሕመም ወሬ የምናፍቅ ሰው ሆንሁ። ሰኔ 30 ቀን 2019 ቂርያት ሃይም ላይ ሰሎሞን ተካ የተባለው ልጃችን ከሥራ ውጭ በነበረ ፖሊስ ተተኩሶ ሞተ፤ በቀጠሉት ቀናት መንገዱ ሁሉ ተዘጋ። የሠራተኛ ማመላለሻው ውስጥ ተቀምጬ ነበር። ሾፌሩ ይራገማል፤ ወጣቶቹ በመኪኖቹ መሐል ይሄዳሉ። አንዱ በመስኮት አየኝና መስታወቱን መትቶ «ውረድ ወንድሜ» አለኝ፤ በዕብራይስጥ። አልወረድሁም።

እናቴ ስትሞት ባልደረቦቼ ለቅሶ መጡ። ድንኳኑ ውስጥ ሴቶቹ ያስለቅሳሉ፤ እኔም እያለቀስሁ በአማርኛ እናቴን እጠራለሁ። ሥራ አስኪያጁ አጠገቤ ተቀምጦ ቆየና «ትችላለህ እንዴ?» አለኝ። «እችላለሁ» አልሁ። «ታዲያ ለምን አልችልም ትለን ነበር?» መልስ አልነበረኝም። ትከሻውን ነቅነቅ አድርጎ ሻዩን ጠጣ። በቃ፤ ይኼው ነው። ያን ሁሉ ዓመት የጠበቅሁት ምሽግ ላይ የሚዘምት ሰው አልነበረም። ያ የቆሻሻ ከረጢት እውነት ነበር፤ አልክደውም። ከረጢቱን ያቀበለኝ ሌላ ሰው ነው፤ ምላሴን የቆረጥሁት ግን እኔ ነኝ።

እሷም መጥታ ነበር። ለቅሶ የሰማ ይመጣል፤ ቂም አይከለክልም። ነጠላዋን አዘቅዝቃ ከሴቶቹ መሐል ተቀመጠች። ስትነሣ «እግዚአብሔር ያጽናህ» አለችኝ። «አሜን» አልሁ። በዚህ ሁሉ ዘመን በአማርኛ የመለስሁላት የመጀመሪያው ቃል ነበር።

ከዚያ በኋላ ነው ጠበቃ የጠየቅሁት። ፒጹዪም የሚጠየቀው በሰባት ዓመት ውስጥ ነው፤ አልፏል። በጊዜው ቢሆን፣ ማንበብ የማትችለውን ወረቀት ሳይነበብላት መፈረሟን ይዘን ልንከራከር እንችል ነበር አለኝ። ስለዚህ ራሴ አሰላሁት፤ በዓመት አንድ ወር። ገንዘቡን በፖስታ አድርጌ ሁለት ሽማግሎች ይዤ ቤቷ ሄድሁ። አሮጌ ሕንፃ ነው፣ ሊፍት የለውም፤ ሽማግሎቹ ደረጃው ላይ ሁለት ጊዜ አረፉ። ቡና አፈላች። እግሯ ላይ ወድቄ ሁሉንም በአማርኛ ነገርኋት። ሽማግሎቹ «ይማሩት፣ ልጅ ነው፣ ተሳስቷል» አሉ። ልጅ አልነበርሁም፤ ፀጉሬ ሸብቷል።

ፖስታውን ለልጇ ሰጠችና ቁጠሪው አለቻት። ልጅቷ እያፈረች ቆጠረች። ሽማግሎቹ አንገታቸውን ደፉ።

«ገንዘቡ የሥራዬ ነው፣ እወስደዋለሁ» አለች። «ይቅርታው ሌላ ነው። የካድኸኝ በሰው ፊት፣ የምትለምነኝ በጓዳ?»

ሽማግሎቹ ብዙ ለመኗት። አልተቆጣችም፤ ድምፅዋም ከፍ አላለም። «ትሰማኝ እንደነበር አውቃለሁ» አለችኝ። «የበቅሎዋን ነገር ሳወራ አንድ ቀን ስቀሃል።» ሦስተኛውን ቡና ቀድታ ስታበቃ «አሁንስ የማን ልጅ ነህ?» አለች። አባቴን፣ አያቴን፣ ቅድመ አያቴን፣ መንደራችንን ነገርኋት። ዓይኗን ጨፍና ቆጠረች። «ዝምድና የለንም» አለች።

ስሜን መመለሱ ከዚህ ሁሉ ቀላሉ ነው። በ1956 የወጣው የስም ሕግ ይፈቅዳል፤ ከወገኖቻችን ይህን ያደረጉ ብዙ ናቸው። ቅጹን ሞልቼ ለአገር ውስጥ ጉዳይ መሥሪያ ቤት አስገብቻለሁ። ይህ ግን የእኔና የአባቴ ሒሳብ ነው፤ የእሷን አይከፍልም።

የእሷን ለመክፈል በፈረቃ ርክክብ ሰዓት፣ ሁለቱም ፈረቃ በተሰበሰበበት፣ ቆሜ ተናገርሁ። ያን ቀን ክፍሉ ውስጥ ከነበሩት ሥራ አስኪያጁ ጡረታ ወጥቷል፤ የካብላኗ ልጅ የት እንዳለች አላውቅም። የቀሩት አብዛኞቹ ሴትዮዋን አያስታውሷትም። አንዳንዱ ሰዓቱን አየ፤ አንዷ የማሸጊያ ሠራተኛ አለቀሰች፤ ከአማርኛው ጠረጴዛ አንድ ሰው «እኛ እኮ እናውቅ ነበር» አለኝ፤ ከዚያ በላይ አላለም። ሁሉም ሲሄድ እዚሁ ከተማ የተወለደ አንድ ወጣት ቴክኒሻናችን ቀረ። አማርኛ እውነትም አይችልም፤ እኔ እያለኝ የደበቅሁትን እሱ ጨርሶ አላገኘውም። አያቱ በሌላ ፋብሪካ በካብላን እንደምትሠራ ነገረኝና፣ ያ ወረቀት ላይ የነበረው ቃል የትኛው እንደሆነ በስልኩ ጻፍልኝ አለኝ። ጻፍሁለት።

ሴትዮዋ እስካሁን ምንም አልላከችብኝም። ይህን ጽሑፍ ልጇ ታነብላት ይሆናል። ይቅርታ ባታደርግልኝም መብቷ ነው፤ እኔ እሷ ባለችበትም በሌለችበትም «ካድኋት» እላለሁ።

ይህን የምታነቡ፣ እናታችሁ ወይም የጎረቤታችሁ እናት በካብላን የምትሠራ ከሆነ፣ የደመወዝ ወረቀቷን በየወሩ ተቀብላችሁ አንብቡላት። ፈርሚ የተባለችውን ሁሉ ቤት አምጥታ እንድታሳያችሁ ንገሯት። ሺሙዓ ስትጠራ ከጎኗ ሰው ይዛ የመግባት መብት አላት፤ ብቻዋን አትላኳት።